የሬይንደርት ወንበር

የዚያን ማክሰኞ ሙቀት የረሳ የለም። ገና ጁን ከመግባቱ ፀሐይዋ የሰው አናት ላይ ጉብ ብላ፣ ላሞቹ ሳይቀሩ ቦዩ ዳር ተደርድረው ያለከልካሉ። ሂልከ በብስክሌቷ ድልድዩ ጋ የደረሰችው ከረፋዱ አራት ሰዓት ተኩል ላይ ነበር፤ አምስት ሰዓት ላይ ከቦዩ ማዶ ባለው ከተማ አንድ ቢሮ ውስጥ መገኘት አለባት። ለዚሁ ብላ በዚያ ሐሩር ጥቁር ኮቷን ለብሳለች። ሃምሳ እርምጃ ሲቀራት ደወሉ ጮኸ፣ ማገጃው ወረደ፣ ድልድዩም ለአንዲት ባለ ሸራ ጀልባ መንገድ ሊለቅ ወደ ሰማይ ተነሣ። ጀልባዋ አለፈች። ድልድዩ ግን ልውረድ ቢል ብረቱ በሙቀት አብጦ አልገጥም አለና ግማሽ መንገድ ላይ ተንጋሎ ቀረ።

የዚያ አገር ሰው ድልድይ ሲበላሽበት አይቆጣም። ከብስክሌቱ ይወርዳል፣ ሰዓቱን ያያል፣ አጠገቡ ላለው ሰው «ያው ልማዱ ነው» ይላል፣ ከዚያ የእሳት አደጋ ሠራተኞች መጥተው ብረቱን በውሃ እስኪያቀዘቅዙት ይጠብቃል። ሂልከ ግን ማገጃውን በእርግጫ ብላ ተሳደበች።

«ማገጃው ምን አደረገሽ፣ ልጄ?» አለ ከኋላዋ የምታውቀው ድምፅ።

ምድር ተከፍታ ብትውጣት በወደደች። ሲብራንድ ነበሩ፤ የምትሠራበት ድርጅት ባለቤት፣ የስልሳ ስምንት ዓመት ሰው። ድርጅቱ ትንሽ ነው፤ ሃያ ሁለት ሰው ቢሆን ነው። ሽንኩርት የመሰለውን የቱሊፕ አበባ ሥር አጥቦ በመጠን በመጠኑ የሚለይ ማሽን ይሠራሉ፤ ማሽኑን ለገበሬው የሚሸጡት ሂልከና ሁለት ባልደረቦቿ ናቸው፤ የእነሱ ኃላፊ ሬይንደርት ታሞ ቤት ከዋለ አምስተኛ ወሩን ይዟል። ሲብራንድ ድርጅቱን ከአባታቸው ከወረሱ ጀምሮ አለቃ መባልን እንደ ስድብ የሚቆጥሩ ሰው ናቸው። ሁሉም በስማቸው ይጠራቸዋል፤ ምሳ ሰዓት ከሠራተኛው ጋር አንድ ጠረጴዛ ዙሪያ ተቀምጠው ዳቦ በአይብ ይገምጣሉ። ሂልከ ግን በአሥራ ዘጠኝ ዓመቷ ገብታ ሠላሳ ሁለት ዓመት ሞልቷትም «አንተ» ማለት ከአፏ አልወጣ ብሏታል።

«ዛሬ ፈቃድ ወስዳለች ብለውኝ ነበር» አሉ ሲብራንድ፣ ኮቷን ከላይ እስከ ታች እያዩ። «በዚህ ሙቀት ጥቁር ለብሰሽ የት ነው? ቀብር አለብሽ?»

«ቀብር የለብኝም።»

«ሠርግ ነዋ! በማክሰኞ?»

«ጥርስ ሐኪም ጋ ነው» ልትል ነበር። ምላሷ ጫፍ ላይ ደርሶ ነበር። ነገር ግን ከጃንዋሪ ጀምሮ ስትውጠው የከረመችው እውነት ቀድሞ አመለጣት።

«ሥራ ልጠይቅ ነው። ማዶ ያሉት ማሽን ሠሪዎች ጋ። አምስት ሰዓት ላይ ቀጥረውኛል።»

ሲብራንድ የገለባ ባርኔጣቸውን አወለቁ። መልሰው አጠለቁት። ደግመው አወለቁት።

«እነዚያ ጋ?»

«እነዚያ ጋ።»

«አሥራ ሦስት ዓመት አብረን በልተን ጠጥተን!» ብለው ጮኹ፤ ከፊታቸው የቆሙት ባልና ሚስት ዘወር ብለው አዩአቸው። «ሬይንደርት ወድቆ እያየሽ! መከሩ ሊደርስ ሁለት ሳምንት ሲቀረው! እኔ እኮ አንቺ ዓይንሽን ጣል ስላደረግሽበት ነው እንቅልፍ የሚወስደኝ!»

«እሷን ቃል አይድገሙብኝ» አለች ሂልከ። «ለእግዜር ብለው ሲብራንድ፣ እሷን ቃል ብቻ አይድገሙብኝ።»

የዚያች ቃል ነገር እንዲህ ነው። ጃንዋሪ ውስጥ በአንድ ሰኞ ስብሰባ ላይ ሬይንደርት የደንበኞችን ስም እያነበበ ሳለ ሃያ ዓመት የሚያውቀው ገበሬ ስም ላይ ሲደርስ ቆመ። ገበሬው ማን እንደሆነ ጠፋው። ወረቀቱን እንደያዘ በሰው ፊት እንባው ዱብ ዱብ አለ። ሐኪሙም በሥራ ብዛት ራሱን ጨርሷል፣ ለወራት ማረፍ አለበት አለ። በማግስቱ ሲብራንድ ሦስቱን ሻጮች፣ ሂልከን፣ ዎውተርንና ታይስን ሰብስበው «የሬይንደርት ወንበር የሬይንደርት ነው፤ ማንም አይቀመጥበትም። እዚህ ቤት አለቃና ሎሌ የለም፤ ሦስታችሁ ተነጋግራችሁ ሥሩ» አሉ። ሊወጡ በሩን ከያዙ በኋላ ደግሞ ዞር ብለው «ሂልከ፣ አንቺ ለጊዜው ዓይንሽን ጣል አድርጊበት» ብለው ሄዱ። በቃ። ሹመቱም፣ መመሪያውም፣ ርክክቡም ያቺ የበር ላይ ቃል ነበረች። ሰው ጎረቤቱን «ድመቴን እያት» እንደሚል ሁሉ የአንድ ድርጅት ገበያ እንዴት እንዲህ ተብሎ አደራ ይሰጣል? ሂልከም ያን ጊዜ አልጠየቀችም፤ ዛሬ ንዴቷ ግማሹ በራሷ ላይ ነው።

«ምን አጠፋሁ?» አሉ ሲብራንድ። «አመንኩሽ! ሰው ሲታመን ይከፋዋል እንዴ?»

«ቢያምኑኝማ ለዎውተር ይነግሩት ነበር። ዎውተር ‹ይህን ገበሬ አንተ ሂድለት› ስለው ምን እንደሚለኝ ያውቃሉ? ‹በማን ሥልጣን?› ይለኛል።»

«ዎውተር ድሮም አፉ ሹል ነው።»

«አፉ ሹል ነው፣ ጥያቄው ግን ትክክል ነው! በማን ሥልጣን? እኔም አላውቅማ! ለታይስ የዓመት ፈቃድ ልስጥ ወይስ አልስጥ? አላውቅም። ገበሬ ቅናሽ ሲጠይቀኝ እሺ ልበል? አላውቅም። ሰኞ ሰኞ ሦስታችንም ቆመን እስከ ቀትር እንነጋገራለን፣ እንነጋገራለን፣ ውሃ እንወቅጣለን፤ በመጨረሻ ‹ሬይንደርት ሲመጣ ይታያል› ብለን እንበተናለን። የቬስተርሆፍን ነገር ሰምተዋል?»

ሲብራንድ ሰምተው ነበር። ቬስተርሆፍ ከአባታቸው ዘመን ጀምሮ የድርጅቱ ደንበኛ ነው። ማሽኑ መቼ እንደሚደርስለት በኤፕሪል ቢጠይቅ ታይስ ለጁን አጋማሽ አለው። በሳምንቱ ዎውተርን መንገድ ላይ ቢያገኘው «ከኦገስት በፊት አትጠብቅ» አለው። ግራ ቢገባው ሂልከ ጋ ደወለ፤ እሷ ደግሞ ሌሎቹ የነገሩትን ሳታውቅ «ሬይንደርትን ሳልጠይቅ ቀን መስጠት አልችልም» አለችው። ሰውየው የተናገረውን ሂልከ ቃል በቃል ይዛዋለች፦ «ሦስት ሰው ጠይቄ ሦስት መልስ አገኘሁ፤ አራተኛ ካላችሁ እሱንም አገናኙኝና ልሳቅ።» ከዚያ ማሽኑን ከማዶዎቹ ገዛ።

«ያ የመግባባት ጉድለት ነው» አሉ ሲብራንድ፣ ጎናቸውን እንደተወጉ ፊታቸውን አጨማደው። «ብትነጋገሩ ኖሮ…»

«ተነጋግረን ነው እኮ! ከመነጋገር በቀር ምን ሠርተን እናውቃለን!»

በዚህ መሀል የእሳት አደጋ መኪና ቀስ ብላ መጣች። ሁለት ሠራተኞች ቱቦ ዘርግተው የድልድዩን ብረት ያጠጡት ጀመር። ከቆመው ሰው መካከል አንዱ «ለአትክልቴም ትንሽ ተዉልኝ!» ብሎ ጮኸና ሰው ሁሉ ሳቀ። ሲብራንድና ሂልከ አልሳቁም።

«ስሚኝ ልጄ» አሉ ሽማግሌው፣ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው። «ሬይንደርት ለእኔ ሠራተኛ ብቻ አይደለም። ሚስቴን ስቀብር የሬሳ ሣጥኗን ከተሸከሙት አንዱ እሱ ነው። ገና አልጋ ላይ ሳለ ሌላ ሰው ወንበሩ ላይ ባስቀምጥበት ምን ይሰማዋል? ‹በቁሜ ቀበሩኝ› ነው የሚለው። አንቺንስ ብሾምሽ፣ ሃያ ሁለት ዓመት የሠራው ዎውተር ምን ይላል? እኔ ሰውን ከሰው አላበላልጥም። አባቴም አላበላለጠም።»

«አባትዎ ሻጩም፣ ሒሳብ ያዡም፣ ሾፌሩም ራሳቸው ነበሩ። ማንን ከማን ያበላልጡ? ደግሞስ መቼ አበላልጡ አልኩ? ወንበሩን ስጡኝ ብዬ አላውቅም። ለዎውተር ይስጡት!»

«ለዎውተር?»

«ለዎውተር! ነገ ‹ኃላፊው ዎውተር ነው› ቢሉኝ ደስ ብሎኝ ሥሩ እሠራለሁ፤ ሹል አፉን ከነምናምኑ እችለዋለሁ። አንድ ሰው ‹አዎ› ወይ ‹አይ› ካለኝ እሠራለሁ። ማንም በሌለበት ግን መሥራት አቃተኝ፤ ይኸው ነው ወንጀሌ።»

 ሲብራንድ እሷ የምትጮኸው ለሹመት ነው ብለው አስበው ነበር፤ ልባቸው ያኮረፈውም ለዚያ ነበር። ብዙ አለቆች እንዲህ ናቸው፤ ሠራተኛው ሥርዓት ሲለምን ሥልጣን የለመነ ይመስላቸዋል፣ ከዚያም እነሱ ይቀየማሉ። ሽማግሌው ለመልስ ጊዜ ለማግኘት ብስክሌታቸውን ወደ ጥላ አስጠጉ። የሂልከ ዓይን ያረፈው ያን ጊዜ ነው፤ ከኋላ መቀመጫው ላይ በላስቲክ የታሰረ የኬክ ካርቶን አለ፣ ከካርቶኑ ሥር ደግሞ ወፍራም ሰማያዊ ማኅደር።

«እርስዎስ ወዴት ነው?»

«ሬይንደርት ጋ። ዘወትር ማክሰኞ እጠይቀዋለሁ። የፖም ኬክ ይወዳል።»

«ማኅደሩስ? እሱም ፖም ይወዳል?»

«ትንንሽ ጥያቄዎች ናቸው» አሉ፤ ጆሯቸው ቀላ። «ሰባት ስምንት ነገር። እናንተ ‹ሬይንደርት ሲመጣ› ብላችሁ ያሳደራችኋቸው። እኔ ማሽን መሥራት እንጂ መሸጥ አላውቅ። ሻይ እየጠጣን አንድ በአንድ ይነግረኛል፤ ደስም ይለዋል። አልተረሳሁም ይላል።»

ሂልከ ብስክሌቷን ለቀቀችው። ብስክሌቱ መሬት ላይ ተንጋጋ።

«በየሳምንቱ?»

«ከፌብሩዋሪ ጀምሮ። ምን ሆንሽ?»

«አልትየ!» አለች ሂልከ ግንባሯን በመዳፏ ይዛ። «የእግዜር ያለህ፣ ለካ ለዚህ ነው!»

አልትየ የሬይንደርት ሚስት ናት። ከሁለት ሳምንት በፊት ሂልከ ዳቦ ቤት ወረፋ ላይ አግኝታት «እንዴት ነው?» ብላ ትከሻዋን ብትነካት፣ አልትየ እሳት እንደነካት ሸሽታ «አንቺን ብሎ ጠያቂ!» ብላት ነበር። ዳቦዋን እንኳ ሳትይዝ ወጣች። ሂልከ ምን በደልኳት እያለች ሁለት ሳምንት ስትብሰለሰል ሰነበተች፤ አሁን ተገለጠላት።

«ምን አለችሽ?» ጠየቁ ሲብራንድ።

«በር ላይ ቆማ የጮኸችውን ልንገርዎት? ‹ሰኞ ማታ ሰኞ ማታ አይተኛም። ማክሰኞ ጠዋት ጢሙን ተላጭቶ፣ ሸሚዝ ለብሶ፣ እርሳስ ቀርጾ ጠረጴዛ ላይ ይጠብቃል። እንግዳው ሲሄድ ሁለት ቀን መጋረጃ ዘግቶ ይተኛል። ሐኪሙ በማርች ይነሣል ያለውን ወደ ኦክቶበር ገፋው። እናንተ ሦስት ጤነኞች አንድ በሽተኛ ታሠራላችሁ› አለችኝ። ስለ ምን እንደምታወራ አልገባኝም ነበር! ጥያቄውን የምልከው እኔ መስያታለሁ ሲብራንድ። ‹ዓይኗን የጣለችበት› እኔ ነኛ!»

 ሲብራንድ ማኅደሩን አዩት። ጢሙን የተላጨ፣ ሸሚዝ የለበሰ ሬይንደርት በየሳምንቱ በር ከፍቶላቸዋል፤ እሳቸውም እያዩት «ተሽሎታል» እያሉ ደስ ብሏቸው ይመለሱ ነበር። እሳቸው በማይመጡበት ቀን እንዴት እንደሚውል አንድም ጊዜ አልጠየቁም።

«ክፉ አስቤ አይደለም» አሉ በመጨረሻ፤ ድምፃቸው የሌላ ሰው መሰለ።

«ክፉ እንዳላሰቡ አውቃለሁ። ለዚህ ነው የሚያንገበግበኝ! ክፉ ሰው ቢሆኑ ከአራት ወር በፊት ጥዬዎት ሄጄ ነበር። ወንበሩን ባዶ ያስቀመጡለት እንዲያርፍ ብለው ነው፤ እሱ ግን ባዶ መሆኑን እያወቀ እንዴት ይረፍ? ሰው የሌለበት ሥራ ባለቤቱን ነው የሚጣራው። ሬይንደርትን ያሳመመው ሥራ አልጋው ድረስ ተከትሎት ሄደ፤ ያውም በኬክ።»

ንግግሯ ከረረ። ሂልከ ግን እውነቷን ነው፤ ይህን ታሪክ የሚያነብ አሠሪም ከዚህ የለሰለሰ ቃል አይገባውም። በዚያ አገር ለታመመ ሠራተኛ አብዛኛውን ደመወዙን ሁለት ዓመት መክፈል ሕግ ነው፤ ሲብራንድ ግን ከሙሉው አንድ ሳንቲም አላጓደሉም። ታዲያ ምን ዋጋ አለው? ደመወዙን ሰጡት እንጂ ዕረፍቱን አልሰጡትም።

ሲብራንድ የቦዩ ዳር ድንጋይ ላይ ቁጭ አሉ። «እሺ» አሉ። «አንቺ በማታ ትምህርት ስለ አመራር ተምረሻል። እንደ ተማሪ ቁጠሪኝ። ምን ማድረግ ነበረብኝ?»

ሂልከ ብስክሌቷን አነሣች። ሰዓቷን አየች፤ አምስት ሰዓት ሊሞላ አምስት ደቂቃ ቀርቶታል። ንዴቷ አልበረደም፣ ግን ሽማግሌው ድንጋዩ ላይ እንዲያ ኩርምት ብለው ሲቀመጡ አንጀቷን በሏት።

«የመጀመሪያውን ቀን አንድ ሰው በስም ይጠሩ ነበር። ‹ጊዜያዊ ኃላፊ እገሌ ነው› ብለው፣ ሁሉም ባለበት፣ በሩን ይዘው ሳይሆን ተቀምጠው። ከሁሉ በፊት ግን ለሬይንደርት። ከሌላ ሰው ሳይሰማ፣ ከእርስዎ አፍ። ‹ወንበርህን የሚጠብቅልህ ሰው አስቀምጫለሁ፣ አንተ ተኛ› ቢሉት በቁሜ ቀበሩኝ ይላል?»

«…አይልም።»

«ከዚያ ደግሞ ጊዜያዊው ሰው ምኑን በራሱ እንደሚወስን፣ ምኑን ይዞ እርስዎ ጋ እንደሚመጣ በወረቀት ይጻፋል። የማስረከቢያ ቀን መስጠት፣ ገበሬዎቹን ማከፋፈል፣ ፈቃድ መፍቀድ፣ እስከዚህ ድረስ ቅናሽ ማድረግ የሱ ነው። ሰው መቅጠርና ማሰናበት፣ የዋጋ ዝርዝሩን መለወጥ የእርስዎ ነው። ሬይንደርት ጋ የሚሄድ ጥያቄ ግን የለም። አንድም!»

«አንድም» አሉ ሲብራንድ እንደ ተማሪ።

«የራሱ ሥራስ? እኔ ስልሳ ገበሬ አለኝ። ስልሳውን ይዤ የሬይንደርትን ሥራ ደርቤ እየሠራሁ ነው፤ ነገ ደግሞ እኔ ገበሬ ስም ጠፍቶኝ ሰኞ ስብሰባ ላይ ሳለቅስ ሊያዩኝ ነው? ግማሹን ለዎውተርና ለታይስ ማካፈል ነበረብን። ለደረበው ሥራም ሰው የሚገባውን ክፍያ ያገኛል፤ ስለዚህኛው ሳፍር አምስት ወር ሄደ። ደግሞ ቀን። ከምንም በላይ ማብቂያ ቀን!»

«ሬይንደርት መቼ እንደሚድን በምን አውቄ ቀን እቆርጣለሁ?»

«የሚድንበትን ቀን ማን ቁረጡ አለዎት? እኛ እንደገና ተቀምጠን የምንነጋገርበትን ቀን ነው የሚቆርጡት። ‹እስከ ኖቬምበር መጨረሻ› ይበሉ። ያን ቀን ሬይንደርት ደህና ከሆነ ይመለሳል፣ ካልሆነ ሌላ ቀን ይጻፋል። ጊዜያዊው ሰውም ወደ ቦታው ሲመለስ ‹ከሥልጣን ወረደ› እንዳይባል ከመጀመሪያው ይነገራል። ‹ለጊዜው› ብለው ቀን ካልሰጡት እኮ ለዘላለም ነው!»

ሲብራንድ «ጊዜያዊው ሰው ወንበሩን ቢለምደውስ? አልነሣም ቢልስ?» አሉ። አሁን የሚከራከሩት ለመርታት ሳይሆን ለመረዳት ነበር፤ ከአጠያየቃቸው ያስታውቃል።

«ቀኑ የሚጻፈው ለዚያም ነው። አሁንስ ያልተፈራው ማን ነው? ዎውተር እኔ ወንበሩን ሰርቄ የምወስድ ይመስለዋል፤ እኔ ዎውተር የሚያሳጣኝ ይመስለኛል፤ ታይስ ሁለታችንንም ይሸሻል።»

ሲብራንድ ስልካቸውን አወጡና ምንም ሳይናገሩ ደወሉ። ስልኩን ድምፁ እንዲሰማ አድርገው ያዙት።

«ዎውተር፣ የሬይንደርትን ሥራ ለጊዜው የሚይዝ ሰው ልሰይም ነው። በዕድሜ አንተ ትበልጣለህ። ትፈልገዋለህ ወይ?»

በስልኩ ውስጥ ረጅም ትንፋሽ ተሰማ።

«አምስት ወር ፈጀብህ?» አለ ዎውተር። «እኔ ከገበሬ ጋር ቆሜ ማውራት እንጂ የሰው ፈቃድ ወረቀት መፈረም አልወድም። ሂልከን ስጣት። እንደ እብድ እየሮጠች መሆኗን አታይም እንዴ? ግን ንገረን! ማን እንደሆነ ንገረንና ያንን የሰኞ ቁም ስቅል ገላግለን። በነገራችን ላይ ኬኩን ከየትኛው ዳቦ ቤት ነው የገዛኸው? ያለፈው ደረቅ ነበር አሉ።»

ሂልከ ሳታስበው ሳቅ አመለጣት፤ ከሳቁ ጋር እንባም መጣ። አምስት ወር ሙሉ ጠላቴ ነው ያለችው ሰው አንዲት ጥያቄ ብቻ ነበር የሚጠብቀው። ለዚያች ጥያቄ ደግሞ የስልክ ጥሪ በቂ ነበር።

ያን ጊዜ ድልድዩ አቃሰተ። የረጠበው ብረት ቀስ ብሎ ወረደ፣ ገጠመ፣ ሰዉም አጨበጨበ። ማገጃው ሲነሣ ብስክሌቶች እንደ ጎርፍ ተለቀቁ። ሂልከ ግን አልተንቀሳቀሰችም። ቀጠሮዋ አልፏል፤ ብትደውልና «ድልድዩ ነው» ብትል ማዶዎቹ ይገባቸዋል፣ እነሱም የዚያው አገር ሰዎች ናቸው።

ሲብራንድ ከማኅደሩ አንድ ነጭ ወረቀት መዘዙ። የብስክሌታቸውን ኮርቻ ጠረጴዛ አድርገው እያላባቸው ጻፉ፤ ሂልከ አንድ ቦታ ላይ «ቅናሹ እስከ ስንት?» ብላ አቆመቻቸው፣ ሌላ ቦታ ላይ «ቀኑ!» ብላ ጮኸችባቸው። እሳቸውም «ጻፍኩት፣ ጻፍኩት፣ አትጩኺብኝ፣ አለቃሽ ነኝ!» አሉ። በሠላሳ አምስት ዓመት ውስጥ ይህ ቃል ከአፋቸው ሲወጣ የመጀመሪያው ነበር፤ ራሳቸውም ደነገጡ። ከፈረሙ በኋላ ላስቲኩን ፈትተው ሰማያዊውን ማኅደር በሁለት እጃቸው ሰጧት። ኬኩን መልሰው አሰሩ።

«ቅድሚያ ለሬይንደርት እነግረዋለሁ። ከዚያ ለሁሉም፣ ነገ ጠዋት፣ ተቀምጠን» አሉ። «ለአልትየም ማኅደሩን የማመላልሰው እኔ እንደነበርኩ እነግራታለሁ።» ከዚያ ብስክሌታቸው ላይ ወጥተው ድልድዩን ተሻገሩ። ሂልከ ማዶዎቹ ጋ ደውላ ይቅርታ ጠየቀችና ጥቁር ኮቷን አውልቃ፣ ማኅደሩን በኮቱ ጠቅልላ ወደ መጣችበት ተመለሰች።

የዚያ ወረቀት ጥቅም ሳይውል ሳያድር ታየ። የሰኞው ስብሰባ ግማሽ ሰዓት ሆነ። ገበሬ ሲደውል ማንም ያንሣው ማን አንድ የማስረከቢያ ቀን ይነገረዋል፤ ያ ቀን የሂልከ ቀን ነው፣ ከተሳሳተም ተጠያቂዋ እሷ ናት። ታይስ ፈቃዱን ወጣ። ዎውተር ከሂልከ ከተቀነሱት ሠላሳ ገበሬዎች ድርሻውን ተረክቦ በየእርሻው ሲዞር ቬስተርሆፍ አጥር ላይ ደገፍ ብሎ «እናንተ ጋ አሁን ስንት ሰው ነው የሚመልሰው?» ብሎ ጠየቀው። «አንድ» ቢለው፣ «ለሚቀጥለው ዓመት እመጣለሁ» አለ። ሲብራንድ ማክሰኞ ማክሰኞ መሄዳቸውን አልተዉም፤ የሚያወሩት ግን ስለ ዓሣ ማጥመድና ስለ ዝናብ ሆነ፣ ኬኩም እየረጠበ መጣ።

ኖቬምበር ሠላሳ ደረሰ። ሬይንደርት ከኦክቶበር ጀምሮ በሳምንት ሁለት ግማሽ ቀን እየመጣ ከማሽኖቹ ጋር ብቻ ሲውል ቆይቶ ነበር፤ የዚያን ቀን ግን በወረቀቱ መሠረት እሱ፣ ሲብራንድና ሂልከ ቢሮ ውስጥ ተቀመጡ። ከጃንዋሪ ጀምሮ ወደ ሙሉ ሥራው እንዲመለስ፣ እስከዚያ ሂልከ እንድትቀጥል ተስማሙ። ሲብራንድ ደስ ብሏቸው «በቃ እንግዲህ ሂልከ፣ እስከዚያ ለትንሽ ጊዜ ዓይንሽን ጣል…» ሲሉ አፋቸውን በመዳፋቸው ከደኑ። ብዕር አነሡና ቀኑን ጻፉ።

ሂልከ ከወንበሩ ተነሥታ «ቁጭ በልበት እስኪ፣ ያንተ ነው» አለችው ሬይንደርትን። እሱ ግን አልተቀመጠም። የወንበሩን መደገፊያ በእጁ ዳሰሰ።

«ወንበርህ ባዶ ነው፣ እየጠበቀህ ነው ሲሉኝ፣ ሌሊቱን ሙሉ ልቀመጥበት ስነሣ ነበር የማድረው» አለ። «ሲብራንድ ኬክ ብቻ ይዞ መጥቶ ‹ሂልከ ተቀምጣበታለች› ያለኝ ቀን፣ አልትየ ትመስክር፣ እስከ ማግስቱ ቀትር ተኛሁ።»

ሲብራንድ ባርኔጣቸውን አወለቁ፤ በዚያ ብርድ የገለባውን ባርኔጣ ለምን እንዳደረጉ ማንም አልጠየቃቸውም።